ፍርድ ቤት ፈርዶላችሁ መሥሪያ ቤቱ ካልፈጸመ የትኛው መንገድ ይሻላል?

አክስቴ የረታች ቀን ቤታችን የበዓል ቤት መስሎ ነበር። ቡና ተፈላ፣ ጎረቤት ተጠራ፣ እሷም የውሳኔውን ግልባጭ በፌስታል ጠቅልላ ፍራሽ ሥር አኖረችው። የቀበሌ ቤት ጉዳይ ነው። ወረዳው ያሸገባትን ቤት ከፍቶ እንዲያስረክባት ተወሰነ። በማግስቱ ግልባጩን ይዛ ወደ ወረዳው ሄደች። ከዚያ በኋላ ዓመት ከአራት ወር ተመላለሰች። «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው።» «የሕግ ክፍል እያየው ነው።» «ከበላይ አካል መመሪያ እየጠበቅን ነው።» ፍርድ ቤት ካዘዘ በኋላ የሚጠበቀው የበላይ አካል ማን እንደሆነ ደጋግሜ ጠየቅሁ። መልስ የሰጠኝ የለም።

ይህን የምጽፈው ያን ጊዜ አብሬያት ስዞር ያየሁት ለሌላ ሰው ጊዜ እንዲቆጥብለት ብዬ ነው። ጠበቃ አይደለሁም። ጠበቃ መያዝ የምትችሉ ያዙ። ግን ጠበቃ ቢኖራችሁም ምን እንደምትጠይቁት ማወቅ አለባችሁ፤ ምክንያቱም መንገዱ አንድ አይደለም፣ አንዱ ፈጣን ነው ግን ጥርስ የለውም፣ ሌላው ጥርስ አለው ግን ወራት ይፈጃል፣ አንዳንዱ ደግሞ ስሙ ትልቅ ሆኖ ለእናንተ ጉዳይ ጭራሽ ላይሆን ይችላል። አቋሜን ከመጀመሪያው ልናገር። መሥሪያ ቤት አያፍርም፣ አይፈራም፣ አይታሰርም። የሚያፍረውም የሚፈራውም ሰው ነው። ስለዚህ ከሁሉ የሚሻለው አንድን ኃላፊ በስሙ ጠርቶ ዳኛ ፊት የሚያቆመው መንገድ ነው። ሌላውን ሁሉ በዚህ ሚዛን ነው የማየው።

ከሁሉ በፊት፦ በእርግጥ እንቢ ብለዋል?

ብዙ ሰው እዚህ ላይ ጊዜ ያባክናል። እኛም አባክነናል።

አንደኛ፣ ይግባኝ ተጠይቆ እንደሆነ፣ ከተጠየቀም የዕግድ ትዕዛዝ ተሰጥቶ እንደሆነ አጣሩ። ሁለቱ ይለያያሉ። ይግባኝ መጠየቅ ብቻውን አፈጻጸምን አያቆምም። የሚያቆመው ይግባኙን የሚያየው ፍርድ ቤት አፈጻጸሙ ታግዶ ይቆይ ብሎ ሲያዝ ብቻ ነው። «ይግባኝ ብለናል» ብለው ከመለሷችሁ «የዕግዱን ትዕዛዝ አሳዩኝ» በሉ። ዕግድ ካለ ደግሞ እንቢ አላሉም፣ ሕግ ነው ያቆማቸው። ያኔ ትግሉ ይግባኙ ላይ ነው።

ሁለተኛ፣ ትዕዛዙ በእጃቸው መግባቱን የሚያሳይ ማስረጃ ያዙ። ይሄ ቀላል ይመስላል። አክስቴ ግልባጩን አምስት ጊዜ ሰጥታቸዋለች፣ አንዴም ገቢ አላስደረገችውም። ስድስተኛው ላይ «አልደረሰንም» አሉ። ሁለት ኮፒ ይዛችሁ መዝገብ ቤታቸው ሂዱ። አንዱን ስጡ፣ በእናንተው ኮፒ ላይ የገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አስመቱ። ፍርድ ቤቱ ራሱ በደብዳቤ እንዲልክ ማድረግ ከተቻለ ደግሞ የተሻለ ነው። ይቺ ማኅተም ኋላ ዳኛ ፊት ከሃያ ምስክር ትበልጣለች።

ሦስተኛ፣ ትዕዛዙ ግልጽ ነው ወይ? «ተገቢውን ያድርግ» የሚል ትዕዛዝ ማንም እንደፈለገ ይተረጉመዋል። ማን፣ ምን፣ እስከ መቼ የሚለው ካልተጻፈ መጀመሪያ ትዕዛዙን የሰጠው ችሎት እንዲያብራራው አቤት በሉ።

ደብዳቤ፦ ርካሹ መንገድ

ለበላይ ኃላፊው ደብዳቤ መጻፍ ወጪው የወረቀትና የታክሲ ነው። አንዳንድ ጊዜ ይሠራል፣ በተለይ ታች ያለው ሠራተኛ ውሳኔውን ደብቆት ላይ ያለው ሰው ጨርሶ ካላወቀ። ደብዳቤው አጭር ይሁን። የመዝገብ ቁጥሩን፣ የተወሰነበትን ቀን፣ ገቢ የሆነበትን ቀን ጻፉና በዚህን ያህል ቀን ካልተፈጸመ ወደ አፈጻጸም እሄዳለሁ በሉ። ስድብ አትጨምሩ። ሁለት ሳምንት ስጡት። ከዚያ በላይ መጠበቅ ዕድሜ መፍጀት ነው፤ እኛ ስምንት ወር የበላነው እዚህች ላይ ነው።

የአፈጻጸም መዝገብ፦ እኔ የማምንበት

ፍርድ በራሱ አይፈጸምም። ሰው የማያውቀው አንዱ ነገር ይሄ ነው። ዳኛው ፈርዶ ሲጨርስ የእሱ ሥራ አለቀ፤ ካልተፈጸመላችሁ እናንተ ናችሁ እንደገና ሄዳችሁ የአፈጻጸም መዝገብ የምታስከፍቱት። ከዚያ በኋላ ስማችሁ «የፍርድ ባለመብት» ይሆናል፣ የመሥሪያ ቤቱ ደግሞ «የፍርድ ባለዕዳ»። መሠረቱ በ1958 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው፣ አንቀጽ 378 ማመልከቻው ምን መያዝ እንዳለበት ይዘረዝራል። የጊዜ ገደቡ 10 ዓመት ነው። ረጅም ይመስላል፣ ግን «ነገ ተመለሱ» እየተባለ 10 ዓመት የሞላው ሰው አለ። አትቀመጡ።

ማመልከቻው ላይ የመዝገብ ቁጥር፣ የተከራካሪዎች ስም፣ የፍርዱ ቀን፣ ይግባኝ መኖር አለመኖሩ ይጻፋል። ይሄ ቅጽ የመሙላት ያህል ነው። ዋናው ሌላ ቦታ ነው፦ ፍርድ ቤቱ በምን መልኩ እንዲያግዛችሁ እንደምትፈልጉ እናንተ ትጽፋላችሁ። ብዙ ሰው እዚህ ላይ «እንዲፈጸምልኝ» ብቻ ብሎ ያልፋል። ያኔ ፍርድ ቤቱ ለመሥሪያ ቤቱ ደብዳቤ ይጽፋል፣ ደብዳቤው መዝገብ ቤት ይተኛል፣ ቀጠሮ ይመጣል፣ የሕግ ክፍል ባለሙያ ይላካል፣ «በሂደት ላይ ነው» ይላል፣ ሌላ ቀጠሮ ይሰጣል፣ እንዲህ እያለ ክረምቱም በጋውም ያልፋል። የሚመጣው ባለሙያ ክፉ ሰው ላይሆን ይችላል። ግን ቁልፉ በእሱ እጅ አይደለም፣ ቢወቀስም ምንም አይነካው።

ስለዚህ እንዲህ ጻፉ፦ የዚህ መሥሪያ ቤት ኃላፊ የሆኑት እገሌ ራሳቸው ቀርበው ያልፈጸሙበትን ምክንያት እንዲያስረዱ ይታዘዝልኝ። ስም፣ የሥራ መደብ። ስሙን ካላወቃችሁ በር ላይ የተለጠፈውን አንብቡ፣ በፊርማቸው የወጣ ደብዳቤ ፈልጉ። ዳኛው መጥሪያ ሲልክ ለወንበሩ ሳይሆን ለሰውየው ይሆናል። ካልቀረቡ ታስረው ይቅረቡ የሚል ትዕዛዝ መጠየቅ ይቻላል። እርግጥ ያን ትዕዛዝ የሚያስፈጽመው ፖሊስ ነው፣ ፖሊስም ኃላፊ ይዞ ለማቅረብ እጁ ይከብዳል። እንደዚያም ሆኖ ወረቀቱ ጠረጴዛቸው ላይ ሲደርስ የነገሩ መልክ ይለወጣል።

የምትፈልጉት ነገር ዓይነት መንገዱን ይወስነዋል። ገንዘብ ከሆነ ከመሥሪያ ቤቱ የባንክ ሒሳብ እንዲከፈል ባንኩን ማሳዘዝ ከልመና ይቀላል። ቤት ወይም ቦታ ከሆነ የኃላፊው በጎ ፈቃድ ላያስፈልግ ይችላል፤ የፍርድ አፈጻጸም ሠራተኛው ፖሊስ ይዞ ሄዶ ከፍቶ እንዲያስረክብ ይጠየቃል። አስቸጋሪው ኃላፊው ራሱ አንድ ነገር ማድረግ ያለበት ጊዜ ነው። ካርታ መፈረም፣ ወደ ሥራ መመለስ፣ ፈቃድ መስጠት። ያኔ በስም ጠርቶ ከማቅረብ ሌላ አማራጭ የለም ማለት ይቻላል።

አንድ ነገር ልጨምር፣ ስለ ዕግድ። ፍርድ ቤት «እንዳይፈርስ» ብሎ አግዶ ዶዘር ከመጣ፣ አፈጻጸም ምናምን ብላችሁ ሳምንት አትቁጠሩ። ፎቶ አንሱ፣ ሰዓቱን ጻፉ፣ በዚያው ቀን ዕግዱን ወደሰጠው ችሎት ሮጡ። ለፖሊስ የሚጻፍ የአስቸኳይ ትዕዛዝ ጠይቁ። ከፈረሰ በኋላ የምትጠይቁት ካሳ ነው፣ ቤት አይደለም።

ችሎት መድፈር፦ ከስሙ ያነሰ

«ችሎት ደፍረዋል ብዬ አሳስራቸዋለሁ» ሲባል ብዙ ጊዜ ትሰማላችሁ። እኔም ብዬ ነበር። ሕጉን ሳነበው ግን አንገቴን ደፋሁ። በ1996 የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 ችሎት መድፈር ማለት በዋናነት ችሎት እየተካሄደ ዳኛን መስደብ፣ ማስፈራራት፣ የፍርድ ቤቱን ሥራ ማወክ ነው። ቅጣቱ እስከ 1 ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር ነው፣ ዳኛውም ወዲያው ሊቀጣ ይችላል። ቢሮው ተቀምጦ ትዕዛዙን መሳቢያ ውስጥ የቆለፈ ኃላፊ ግን ችሎት አልገባም፣ ማንንም አልሰደበም። «በማናቸውም ሌላ መንገድ ሥራውን ማወክ» በሚለው ይገባል ብሎ መከራከር ይቻላል፣ ሁሉም ዳኛ ግን እንዲህ አድርጎ አያነበውም።

በኔ አስተያየት ሕጋችን እዚህ ላይ ሳስቷል። ሌሎች አገሮች ትዕዛዝ አለመፈጸምን ራሱን አንድ የችሎት መድፈር ዓይነት አድርገው ይዘውታል፣ የሚቀጡትም ሰውየውን ነው። ጎረቤታችን ኬንያ በ2018 እ.ኤ.አ. ሚጉና ሚጉና የተባለውን ፖለቲከኛ በተመለከተ የተሰጠው ትዕዛዝ ሳይከበር ሲቀር፣ ከፍተኛው ፍርድ ቤት የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩን፣ የፖሊስ አዛዡንና የኢሚግሬሽን ኃላፊውን እያንዳንዳቸውን 200,000 ሽልንግ ቀጥቷቸዋል። ሦስት ሰዎች፣ በስማቸው። ደቡብ አፍሪካ ደግሞ በ2021 እ.ኤ.አ. የቀድሞውን ፕሬዚዳንት ጃኮብ ዙማን በሙስና አጣሪው ኮሚሽን ፊት ቅረብ ተብሎ ባለመቅረቡ 15 ወር እስራት ፈርዳበታለች፣ ታስሯልም። እኛ ዘንድ ዳኛ ይህን ማድረግ አይችልም አልልም። ግን ችሎት መድፈርን ብቻውን ይዛችሁ አትሂዱ። በአፈጻጸሙ መዝገብ ላይ ኃላፊው ቀርቦ ያስረዳ የሚል ትዕዛዝ አስወጡ፣ ያን ሲጥስ ችሎት መድፈሩን በዚያ ላይ ደርቡት። ያኔ በቀጥታ የጣሰው የዳኛውን መጥሪያ ስለሆነ ክርክሩ ጠንካራ ነው።

ሰው ታስሮ ከሆነ

እዚህ ላይ ነገሩ ይለያል። ቤት ወር ቢቆይ ቤት ነው፣ የታሰረ ሰው አንድ ሌሊትም ብዙ ነው።

የተለመደው እንዲህ ነው። ፍርድ ቤት በዋስ ይለቀቅ ይላል፣ ቤተሰብ ተሯሩጦ ገንዘቡን ያስይዛል፣ የመፍቻ ትዕዛዙ ፖሊስ ጣቢያ ይደርሳል፣ ሰውየው አይወጣም። ይሄ ዛሬ የመጣ ነገር አይደለም። በ1993 ዳኛ የነበሩት ብርቱካን ሚደቅሳ አቶ ስዬ አብርሃ በዋስ እንዲለቀቁ ሲያዙ፣ አቶ ስዬ ከፍርድ ቤቱ ብዙም ሳይርቁ ተመልሰው ተይዘዋል። በ2013 መጀመሪያ ደግሞ አቶ ልደቱ አያሌው በ100,000 ብር ዋስ እንዲወጡ ታዝዞ ፖሊስ ሳይለቃቸው ሳምንታት አልፈዋል። በአገር የታወቁ ሰዎች ላይ እንዲህ ከሆነ፣ ስሙን ማንም የማያውቀው የሰፈር ልጅ ላይ ምን እንደሚሆን አስቡት። እኔን የሚያንገበግበኝ ያ ልጅ ነው።

ሁለት በር አላችሁ። አንዱ ዋስትናውን ወደፈቀደው ችሎት መመለስ ነው። ዳኛው መዝገቡን ያውቀዋል፣ ሌላ ማስረዳት አያስፈልግም፤ የጣቢያው ኃላፊ በነጋታው ቀርቦ ያስረዳ ብሎ ማዘዝ ይችላል። ፖሊስ በዚያው መዝገብ ላይ ዝም ብሎ አልለቅም ካለ መጀመሪያ እዚህ ሂዱ። ይፈጥናል።

ሌላው አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ ነው። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 ላይ የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ እንዳለበት፣ ካልቀረበም አካሉ ነፃ እንዲወጣ ፍርድ ቤትን የመጠየቅ የማይጣስ መብት እንዳለው ይናገራል። ወደ ፍርድ ቤቱ የሚደረገው ጉዞ የሚፈጀው ጊዜ በ48ቱ ውስጥ አይቆጠርም። አካሄዱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ከአንቀጽ 177 እስከ 179 ላይ አለ። አቤቱታው በቃለ መሐላ ይደገፋል፦ ማን እንደያዘው፣ የት እንዳለ፣ እንዴት እንደተያዘ። ታሳሪው ራሱ መማል ካልቻለ ዘመድ ለምን እንዳልቻለ ገልጾ ሊምልለት ይችላል። ፍርድ ቤቱ የያዘውን አካል፣ ሰውየውን ይዘህ ቅረብና ለምን እንደማትለቀው አስረዳ ይለዋል። መያዙ ሕጋዊ መሆኑን ካላስረዳ ይለቀቅ ይባላል። ይሄኛው በር የሚጠቅመው ፖሊስ «በሌላ ጉዳይ ይፈለጋል» ሲል፣ ወይም ሰውየው ከጣቢያ ጣቢያ ሲዘዋወር፣ ወይም የት እንዳለ እንኳ ሲጠፋ ነው። ያኔ ዋስትና የፈቀደው ችሎት «ይሄ ሌላ መዝገብ ነው» ሊላችሁ ይችላል።

ሁለቱንም ስታስገቡ የጣቢያውን ስም ብቻ አትጻፉ። የኃላፊውን ማዕረግና ስም፣ ገንዘቡ የተያዘበትን ደረሰኝ፣ የመፍቻው ትዕዛዝ ጣቢያ የደረሰበትን ሰዓት ያዙ። ጣቢያ ስትሄዱ ከሰው ጋር ሂዱ፣ ማን ምን እንዳላችሁ በደብተር ጻፉ። አትጩኹ። ድምፃችሁን ከፍ ካደረጋችሁ እናንተም ልትያዙ ትችላላችሁ፣ ያኔ ለታሰረው የሚሮጥለት ይጠፋል።

እንባ ጠባቂና ሰብአዊ መብት ኮሚሽን

ሁለቱም በነፃ ያስተናግዳሉ። ሁለቱም የሚሰጡት የመፍትሔ ሐሳብ ነው፣ እንደ ፍርድ አያስገድድም። የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም በፍርድ ቤት በመታየት ላይ ያለን ጉዳይ አይመረምርም፤ ስለዚህ አፈጻጸም ከፍታችሁ በዚያው ላይ እሱ ዘንድ ብትሄዱ ሊመልሳችሁ ይችላል። ለመሥሪያ ቤቶች ጉዳይ አፈጻጸሙን ከመክፈታችሁ በፊት፣ ወይም ከተዘጋ በኋላም የሚቀር በደል ካለ ሞክሩት። ለምክር ቤት ተጠሪ መሆኑ አንዳንድ ኃላፊዎችን ያሳስባቸዋል።

ለታሰረ ሰው ግን የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን (ኢሰመኮ) ጋ ለመሄድ አታመንቱ። ፍርድ ቤት እየሄዳችሁ ጎን ለጎን አመልክቱ። በ2012 በተሻሻለው አዋጁ መሠረት ኮሚሽኑ ማቆያ ቦታዎችን ያለ ቅድሚያ ማስታወቂያ መጎብኘት ይችላል። ሰውየው እዚያ መኖሩ በሌላ ዓይን መታየቱ ብቻ ብዙ ነገር ይከላከላል።

የወንጀል አቤቱታም አለ። ያለ ሕግ ሰው የያዘ የመንግሥት ሠራተኛ በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 423 ይጠየቃል። ክስ የሚመሠርተው ዐቃቤ ሕግ ነው እንጂ እናንተ አይደላችሁም፣ ሂደቱም ረጅም ነው። ዛሬ የታሰረውን አያስፈታም። ማስረጃው ግን እንዳይጠፋ አስቀምጡት።

ገንዘብ ለሌለው

አፈጻጸም ጠበቃ ያስፈልገዋል ብሎ የሚተው ሰው አውቃለሁ። የዳኝነት ገንዘብ መክፈል ለማይችል በደሃ ደንብ መጠየቅ አለ። የሕግ ትምህርት ቤት ያላቸው ብዙ ዩኒቨርሲቲዎች ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከል አላቸው። ለሴቶች የኢትዮጵያ ሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር አለ። አክስቴ ማመልከቻዋን ያጻፈችው አንድ ተመራቂ ተማሪ ዘንድ ነው፣ በነፃ። ከፍርድ ቤት ደጅ ተቀምጦ ብር ተቀብሎ «እንዲፈጸምልኝ» ብቻ ብሎ ከጻፈላት ራፖር ጸሐፊ ይልቅ ልጁ በጥንቃቄ ጽፎላታል።

ልጁ ነው የወረዳውን ኃላፊ ስም ያስገባው። ከዚያ በፊት የተላከው ሁሉ ለ«ወረዳው ጽሕፈት ቤት» ነበር። ይሄኛው መጥሪያ በስም ሄደ። ቀጠሮው ሐሙስ ነበር። ረቡዕ ከሰዓት ስልክ ተደወለላት፣ ዓመት ከአራት ወር ድምፃቸውን ያልሰማችው ኃላፊ ራሳቸው ናቸው፣ «እማማ፣ ነይና ቁልፉን ውሰጂ» አሏት። እሷ ግን ሐሙስ ችሎት ቀርባ፣ መረከቧን መዝገብ ላይ አስጽፋ፣ ቀኑን አስመዝግባ ነው የወሰደችው። ልጁ እንደዚያ አድርጊ ብሏት ነበር። ቤቱ ውስጥ ጣሪያው አፍስሶ ቁም ሣጥኑ በስብሶ አገኘነው።